ኢያሪኮን «ክልል» ብዬ ጽፌ

ከጥቂት ዓመታት በፊት ወደ ኢየሩሳሌም ለሚሄዱ ተሳላሚዎች ስለ ኢያሪኮ አጭር ጽሑፍ አዘጋጅ ተባልኩ። ቀላል መስሎኝ ነበር። ዘኬዎስ የወጣበት ሾላ አለ፣ ኤልሳዕ በጨው የፈወሰው ምንጭ አለ። ከተማዋ ከባሕር ወለል በታች 250 ሜትር ገደማ ዝቅ ብላ የተቀመጠች ናት፤ ሙቀቷ የሚመቸው ለተምርና ለሙዝ ነው። በሁለት ማታ ጨረስኩት።

መጀመሪያ የሳትኩት ቃል ላይ ነው። ኢያሪኮ ያለችበትን፣ ፍልስጤማውያን «ሙሐፋዛ» የሚሉትን የአስተዳደር ክፍል «ክልል» አልኩት። ከተጓዦቹ አንዲት እናት ወረቀቱን አንብበው «ልጄ፣ ክልል ከሆነ ምክር ቤቱ የት ነው?» አሉኝ። መልስ አጣሁ። ሄጄ ሳጣራ ሙሐፋዛ የራሱ ሕግ አውጪ የለውም። ኢያሪኮ ባለችበት በዌስት ባንክ ውስጥ 11፣ ጋዛ ውስጥ 5 ሙሐፋዛዎች አሉ፤ አስተዳዳሪውን የሚሾመው ፕሬዚዳንቱ ነው። ሕዝብ የሚመርጠው የከተማውን ወይም የመንደሩን ምክር ቤት ነው። ከ1948ቱ ጦርነት በኋላ በተቋቋሙት በዓቅባት ጀብርና በዓይን አስ-ሱልጣን የስደተኞች ካምፖች ደግሞ ትምህርት ቤቱንም ክሊኒኩንም የሚያቀርበው የተባበሩት መንግሥታት ነው። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው።)

ይህን ስነግራቸው «እንግዲያው እንደ ድሮው አውራጃ በለው» አሉኝ። አልኩት።

ሁለተኛው ስህተት ግን ሰው አጉላላ። ካርታው ላይ አውራጃውን በሙሉ በአንድ ቀለም ቀብቼው ነበር። እኚሁ እናት እስራኤል የሚኖር የእህት ልጅ አላቸው፤ የእስራኤል ዜጋ ነው። «ኢያሪኮ ላይ ተገናኙ፣ ለሁላችሁም ይቀርባል» አልኳቸው። የመከርኩት እኔ ነኝ።

ከተማዋ መግቢያ ላይ ትልቅ ቀይ ሰሌዳ አለ። በአረብኛ፣ በዕብራይስጥና በእንግሊዝኛ የእስራኤል ዜጎች መግባት እንደማይችሉ ይናገራል። እኛ ገብተን ምንጩ ጋ ደርሰናል፤ ልጁ ሰሌዳው ጋ ቆሞ ይደውላል። እማማ ስልኩን ወደ እኔ ዘረጉት። አፈርኩ።

ነገሩ እንዲህ ነው። በ1995 እስራኤልና ፍልስጤማውያን የፈረሙት ሁለተኛው የኦስሎ ስምምነት ዌስት ባንክን ኤ፣ ቢ እና ሲ ብሎ ከፈለ፤ ለጊዜው ተብሎ። ኤ ውስጥ ፖሊሱም አስተዳደሩም የፍልስጤማውያን ነው፣ ሲ ውስጥ ሁለቱም በእስራኤል እጅ ናቸው፣ ቢ መሃል ላይ ነው። ኢያሪኮ ከተማ ኤ ናት፤ እንዲያውም በ1994 ከጋዛ ጋር መጀመሪያ ለፍልስጤማውያን የተላለፈችው እሷ ነች። የአውራጃው አብዛኛው መሬት ግን፣ የዮርዳኖስን ዳር ጨምሮ፣ ሲ ነው። እዚያ ቤት ለመሥራት ፈቃድ የሚጠየቀው ከእስራኤል ወታደራዊ አስተዳደር ነው። የአውራጃው የሕዝብ ቁጥርም ጣጣ አለው፤ በ2017ቱ የፍልስጤም ቆጠራ 50 ሺህ ያህል ሰው ተመዝግቧል፣ በአውራጃው የሚኖሩት የእስራኤል ሰፋሪዎች ግን እዚያ ውስጥ የሉም።

ሾፌራችን ዘዴውን ያውቅ ነበር። «ቃስር አል-ያሁድ ይምጣ» አለ። ጌታ የተጠመቀበት የሚባለው የወንዙ ዳር ነው፤ ያው አውራጃ ነው፣ ግን ሲ ስለሆነ ለልጁም ክፍት ነው። ውሃው ዳር ተቃቀፉ። ከማዶ ዮርዳኖስ ነው፣ ድንጋይ ብትወረውር ይደርሳል። እማማ ጠበሉን በፕላስቲክ ጠርሙስ ሞሉ፣ ልጁ ተሸከመላቸው።

አሁን ካርታዬ ሦስት ቀለም አለው፤ ወረቀቱም የሚጀምረው በሾላው ሳይሆን በቀዩ ሰሌዳ ነው። ባለፈው ሰሞን እማማ ደውለው «የቤተልሔሙስ ቀለሙ እንዴት ነው?» አሉኝ። እሱን ገና እየሳልኩ ነው።