ማጣሪያው የሚጀምረው ከተራራው ነው

የምሠራው የከተማ ውሃ ማጣሪያ ጣቢያ ላቦራቶሪ ውስጥ ነው። ከወንዝ የሚገባውን ጥሬ ውሃ እንለካለን፣ ምን ያህል ኬሚካል እንደሚያስፈልገው እንወስናለን፣ ወደ ቧንቧ የሚሄደውንም እንደገና እንፈትሻለን። አብዛኛው ቀን ያው ነው። ዝናብ ሲመጣ ግን ሁላችንም ዓይናችን መለኪያው ላይ ነው።

ያን ሌሊት የዘነበው ዝናብ ያን ያህል ከባድ አልነበረም። ከዚያ የባሰ ዘንቦ ያውቃል፤ ውሃው ለጥቂት ሰዓታት ደፍርሶ ይጠራ ነበር። ያኔ ግን ድፍርስነቱ በየሰዓቱ እየጨመረ ሄዶ መሣሪያው ማንበብ ከሚችለው በላይ ሆነ። አብሮኝ ፈረቃ የነበረው ባልደረባዬ «መሣሪያው ሳይበላሽ አልቀረም» አለ። ናሙናውን በንጹህ ውሃ አቅጥነን ደግመን ለካን። መሣሪያው ደህና ነው። የተበላሸው ወንዙ ነው።

ድፍርስ ውሃ ችግሩ መልኩ ብቻ አይደለም። ደቃቅ የሸክላ አፈር ቅንጣቶች ተመሳሳይ የኤሌክትሪክ ቻርጅ ስላላቸው እርስ በርስ እየተገፋፉ ውሃው ውስጥ ይንሳፈፋሉ፤ ዝም ብሎ በመጠበቅ አይዘቅጡም። አሉሚኒየም ሰልፌት የምንጨምረው ያንን መገፋፋት አፍርሶ እንዲጣበቁና ከብደው እንዲወርዱ ነው። ጭቃው ሲበዛ ኬሚካሉም ይበዛል፣ የአሸዋ ማጣሪያዎቹ ቶሎ ይደፈናሉ፣ እነሱን ለማጠብ ደግሞ የተጣራ ውሃ እናፈሳለን። ከሁሉ የሚያሳስበው ጀርሞች ከቅንጣቶቹ ጀርባ ከክሎሪን መሸሸጋቸው ነው። የዓለም ጤና ድርጅት ክሎሪን ከመጨመሩ በፊት ድፍርስነቱ ቢቻል ከ1 ኤንቲዩ (የድፍርስነት መለኪያ አሃድ) በታች እንዲሆን የሚመክረው ለዚህ ነው። ስለዚህ ምርት ቀነስን። የከተማው ከፍታ ላይ ያሉ ሰፈሮች ውሃ ተቋረጠባቸው፣ ስልኩም መጮህ ጀመረ።

ዝናቡ ጋብ ሲል ከተፋሰስ ክፍል ሰዎች ጋር ወደ ላይ ወጣን። ወንዙን የሚመግቡት ሁለት ገባሮች የሚገናኙበት ቦታ ላይ ቆመን ከሁለቱም ናሙና ወሰድን። ዝናቡ አንድ ነው፣ ተራራውም አንድ ነው። ከአንዱ የመጣው ውሃ የብልቃጡን ወዲያ ማዶ ያሳያል፤ የሌላው ቀይ ጭቃ ነው። በጭቃው በኩል ያለው ዳገት በበጋው ተመንጥሯል፣ ግንድ የሚጎተትበት መንገድም ቁልቁል ተቆርጦበታል። እኔን ከዛፎቹ መቆረጥ ይልቅ ያስደነገጠኝ ያ መንገድ ነበር፤ የታመቀ አፈር ውሃ አያስገባም፣ ስለዚህ ጎርፉ መንገዱን ቦይ አድርጎ እየቦረቦረው ቀጥታ ወንዙ ውስጥ ይገባል። ወዲያ ማዶ ባለው ደን የወደቀው ቅጠል የዝናቡን ጠብታ ጉልበት ይቀበላል፣ ሥሮችና ትሎች የከፈቱት አፈር ውሃውን ወደ ውስጥ ይወስደዋል፣ ቀስ ብሎ ተጣርቶ ይወጣል።

ከዚያ በኋላ የተደረገው ስብሰባ ረጅም ነበር። መሐንዲሶቹ ትልቅ ማዝቀጫ ገንዳ ይሠራ አሉ፤ ፋይናንስ ደግሞ «ደን የእኛ ሥራ አይደለም» አለ። ይሄኛው አባባል ነው ያናደደኝ። የኒውዮርክ ከተማ ውሃ 90 በመቶ ያህሉ ከካትስኪልና ከደላዌር ተፋሰሶች ሳይጣራ ይመጣል፤ ከተማዋ ከ6 እስከ 8 ቢሊዮን ዶላር ይፈጃል የተባለ ማጣሪያ ከመገንባት ይልቅ በ1997 ከላይኛው ተፋሰስ ነዋሪዎች ጋር ተስማምታ መሬት መግዛትና ደንና እርሻን መንከባከብ መረጠች። ሪዮ ዴ ጄኔሮም ቡና ለመትከል ቲጁካ ተራራ ተመንጥሮ ውሃ ሲጠፋባት ከ1861 ጀምሮ ደኑን መልሳ ተክላለች። የዓለም ባንክና የተፈጥሮ ጥበቃ ድርጅቱ ደብሊውደብሊውኤፍ በ2003 ባወጡት ጥናት ደግሞ ከ105 ታላላቅ ከተሞች 33ቱ ከመጠጥ ውሃቸው ጉልህ የሆነውን ድርሻ የሚያገኙት ከተጠበቁ ደኖች ነው። ታዲያ እንዴት የእኛ ሥራ አይሆንም? የተባበሩት መንግሥታት የምግብና እርሻ ድርጅት በ2020 ባወጣው ግምገማ ከ1990 ወዲህ 420 ሚሊዮን ሄክታር ያህል ደን ተመንጥሮ ለሌላ አገልግሎት ውሏል። ከዚያ ውስጥ ስንቱ ከአንድ ከተማ ቧንቧ በላይ እንደነበር ሳስብ እንቅልፍ ይነሳኛል።

«እሺ፣ ችግኝ እንትከላ» ያለም ነበር። መትከሉን አልጠላሁም፤ ግን ችግኝ ደን እስኪሆን ብዙ ዓመት ይወስዳል፣ እስከዚያም ውሃ በብዛት ይጠጣል። የአውስትራሊያዋ ሜልቦርን ይህን አይታዋለች። በ1939 የተነሳው እሳት የውሃ መገኛዎቿን ያረጀ የባሕር ዛፍ ደን ካቃጠለ በኋላ በምትኩ የበቀለው ወጣት ደን ካረጀው የበለጠ ውሃ ስለሚጠቀም የወንዞቹ ፍሰት ለአሥርተ ዓመታት ቀንሶ ነበር። ለዚህ ነው ስብሰባው ላይ ድርቅ ብዬ የተከራከርኩት፦ መጀመሪያ የቀረው ደን አይነካ፣ ቀጥሎ መንገዱ ይዘጋና ውሃው ከላዩ ይቀልበስ፣ ችግኙ ከዚያ ይምጣ።

ግማሹ ተሳክቷል። ለቀረው ደን ጥበቃ የሚውለው ገንዘብ አሁን ከኬሚካል ግዢው ጋር በአንድ የበጀት ሠንጠረዥ ገብቷል፣ ማለትም እንደ ልገሳ ሳይሆን እንደ ማጣሪያ ወጪ ይታያል። የመንገዱ ሥራ ግን ለቀጣዩ በጀት ተላልፏል። እስከዚያው ዝናብ በዘነበ ቁጥር ከሁለቱ ገባሮች ናሙና እንወስዳለን፣ ልዩነቱንም ያን ቀን ከፈጀነው አሉሚኒየም ሰልፌት ጎን ጽፈን ለፋይናንስ እንልካለን።