በአጥንት መሳሳት የተሰበረ እጅን ኮድ ማድረግ፤ ከደብረ ማርቆስ ሆኜ እንዴት እንደለመድኩት

ማርቆስ ተቀምጬ ለአሜሪካ ክሊኒኮች ኮድ እሠራለሁ ስል ሰው ሁሉ ሶፍትዌር የምጽፍ ይመስለዋል። አይደለም። ሐኪሙ የጻፈውን አነባለሁ፣ ምርመራውን አይሲዲ 10 ሲኤም በሚባለው የአሜሪካ የበሽታዎች መደብ ኮድ እሰጠዋለሁ፣ ኢንሹራንሱም ሂሳቡን የሚያየው በዚያ ነው። የኤችአይቲ (የጤና መረጃ ቴክኖሎጂ) ተመራቂዎች "ከየት ልጀምር?" ስትሉኝ ሁሌም የምነግራችሁ አንድ ርዕስ ነው፤ በአጥንት መሳሳት የተሰበረ እጅና ከዳነ በኋላ ትቶት የሚሄደው ጣጣ። ይቺን የያዘ ሰው ሌላው ስብራት አያስቸግረውም።

የመለማመጃ መጻሕፍቱ ምሳሌ አልጣመኝም። በረዶ ላይ ተንሸራትታ የወደቀች ሴት ለእኔ ምኔ ናት? ስለዚህ የራሴን የታካሚ ካርድ መጻፍ ጀመርኩ፣ ስም የሌለው፣ የፈጠራ። ክረምት ነው፣ ጭቃው ያንሸራትታል፣ የ70 ዓመት እናት እጃቸውን ዘርግተው ወደቁ። ወጌሻ አሰረላቸው። ቆይተው ሐኪም ዘንድ ሲመጡ ጣቶቻቸው አይታጠፉም፣ እንዝርት መያዝ አቅቷቸዋል። ይህን አንድ ታሪክ እያገላበጥኩ፣ አንዴ ቶሎ መጥተው ቢሆን፣ አንዴ አጥንቱ ተጣሞ ቢገጥም፣ አንዴ ሙሉ በሙሉ ድነው ቢሆን እያልኩ ኮዱ እንዴት እንደሚቀያየር አየሁ። ከየትኛውም ኮርስ የበለጠ ያስተማረኝ ይህ ነው።

ካርድ ስከፍት መጀመሪያ የምጠይቀው አጥንቱን የሰበረው ማን ነው የሚለውን ነው። ካርዱ ላይ "ወደቀች" የሚል ስላለ ብቻ የአደጋ ስብራት ወደሚገኝበት ኤስ62 መሮጥ የለም። የአሜሪካው መመሪያ ግልጽ ነው፤ ታካሚዋ የታወቀ የአጥንት መሳሳት ካለባትና ውድቀቱ ጤነኛ አጥንት የማይሰብር ቀላል ከሆነ፣ ኮዱ በመሳሳት ለተሰበረ አጥንት ከተመደበው ኤም80 ይወሰዳል። ግን ደግሞ ዕድሜዋን አይታችሁ "70 ዓመቷ ነው፣ መቼም አጥንቷ ሳስቷል" ማለት አትችሉም። የአጥንት መሳሳት መኖሩን ሐኪሙ ራሱ መጻፍ አለበት። ካልጻፈ ይጠየቃል፤ እኛ ኮደር እንጂ ሐኪም አይደለንም።

ቀጥሎ ቦታው። በዕድሜ ወይም ከወር አበባ መቋረጥ በኋላ ለመጣው መሳሳት ቀኝ እጅ ኤም80.041፣ ግራ እጅ ኤም80.042 ነው። የቱ እጅ እንደሆነ ካልተጻፈ ኤም80.049 አለ፣ እኔ ግን ሳልጠይቅ አልጠቀመውም። እናቶች "እጄ ተሰበረ" ብለው የሚያሳዩት ብዙ ጊዜ አንጓቸውን ነው፣ አንጓ ደግሞ ከክንድ ጋር ኤም80.03 ውስጥ ነው የሚገባው። የራጁን ንባብ ሳታዩ አትወስኑ። መሳሳቱ በመድኃኒት የመጣ ከሆነ፣ ለምሳሌ ፕሬድኒሶሎን ለረጅም ጊዜ ስትወስድ ከነበረ፣ ቤቱ ኤም80.8 ይሆናል፤ ለእጅ ኤም80.84፣ የመድኃኒቱ ጉዳትም የራሱ ተጨማሪ ኮድ አለው።

ሰው የሚደናገረው ኮዱ መጨረሻ ላይ በምትጨመረው ሰባተኛዋ ፊደል ላይ ነው። "ኤ" ማለት የመጀመሪያ ቀጠሮ የሚመስላቸው ብዙ ናቸው። ኤ ማለት ስብራቱ ራሱ እየታከመ ነው ማለት ነው፤ ሐኪም ቢቀየርም፣ እናትየዋ ወጌሻ ዘንድ ቆይታ ዘግይታ ብትመጣም፣ የስብራቱ ሕክምና ገና አሁን ከተጀመረ ኤ ነው። ሕክምናው አልቆ በደህና እየጠገገ ለክትትል ስትመጣ "ዲ"። መጠገጉ ከዘገየ "ጂ"፣ አልገጥም ካለ "ኬ"፣ ተጣሞ ከገጠመና ሐኪሙ ያንን መጣመም እያከመ ከሆነ "ፒ"።

"ኤስ" ግን ሌላ ዓለም ናት። ስብራቱ አልፏል፣ ጣጣው ቀርቷል። ዛሬ ሐኪሙ የሚያየው ስብራቱን ሳይሆን የደረቀውን እጅ ነው። እዚህ ላይ ሁለት ኮድ ትጽፋላችሁ፣ ቅደም ተከተሉም ወሳኝ ነው፤ መጀመሪያ የቀረው ችግር፣ ከዚያ መነሻው። የኔዋ የእንዝርት እናት ቀኝ እጅ ከሆነ ኤም25.641፣ ማለትም የቀኝ እጅ መገተር፣ ይቀድማል፤ ኤም80.041ኤስ ይከተላል። ችግሩ ሕመም ብቻ ቢሆን ኤም79.641 ከፊት ይቆም ነበር። የጊዜ ገደብ የለውም፣ ስብራቱ ዓመታት ቢያልፉትም ኤስ ይሠራል። ግን ሐኪሙ ያሁኑን መድረቅ ከድሮው ስብራት ጋር ማያያዝ አለበት፣ እኛ በግምት አናገናኝም። ትምህርት ቤት የዓለም ጤና ድርጅቱን አይሲዲ 10 የተማራችሁ ቲ92.2ን ትፈልጉ ይሆናል፤ አሜሪካው ላይ አታገኙትም፣ ሥራው ለኤስ ተሰጥቷል።

እና ምንም ጣጣ ካልቀረስ? እጇ ድኗል፣ አሁን የመጣችው ለአጥንት መሳሳቱ መድኃኒት ነው። ያኔ ኤም80 የሚባል ነገር የለም። ስብራት የሌለበትን የአጥንት መሳሳት ኮድ ኤም81.0 ትጽፉና ድሮ ተሰብራ እንደነበር በዜድ87.310 ታስታውሳላችሁ። ኦዲተር ሥራዬን ሲያይ መጀመሪያ የሚፈትሸው ይህችን ልዩነት ነው፣ እውነቱንም ነው፤ የዳነን ስብራት ዛሬም እንዳለ አድርጎ መጻፍ መዝገቡን ውሸታም ያደርገዋል።

ስለ ዕቃ ከጠየቃችሁኝ፣ ብዙ ገንዘብ አታውጡ። የኮድ ዝርዝሩንና መመሪያውን የአሜሪካ መንግሥት በነፃ ይለቃል። ኔት ባለበት ቀን አውርዳችሁ ኮምፒውተራችሁ ላይ አስቀምጡት፣ እዚህ አገር ኔትም መብራትም የሚታመን አይደለም። ዋናው ዓመታዊ እትም ሥራ ላይ የሚውለው ኦክቶበር 1 ነው፣ እኔ በግሸን ማርያም ነው የምይዘው፤ ከንግሥ መልስ አዲሱን ፋይል አወርዳለሁ፣ አሮጌውንም አልሰርዘውም፤ ከዚያ ቀን በፊት የታከመ ሰው ካርድ ዘግይቶ ሲመጣ የሚሠራው በአሮጌው ነውና።