ከዙኮቲ ፓርክ ድንኳን እስከ ሲታክ የደመወዝ ቼክ

«ኦኩፓይ ዎል ስትሪት» (የባንኮቹን ሰፈር ዎል ስትሪትን እንያዝ) የተባለው ንቅናቄ እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 17 ቀን 2011 በኒውዮርክ ዙኮቲ ፓርክ ሲጀመር፣ መንግሥት በ2008ቱ የገንዘብ ቀውስ ባንኮችን በሕዝብ ገንዘብ ታድጎ ቤቱንና ሥራውን ያጣውን ሕዝብ ሜዳ ላይ መተዉ ገና ያንገበግብ ነበር። ሰልፈኞቹ ራሳቸውን ከ1 በመቶዎቹ ባለጸጎች ለይተው «እኛ 99 በመቶዎቹ ነን» አሉ። ፖሊስ ኖቬምበር 15 ሌሊት ድንኳኖቹን ሲያነሣ ብዙዎች ነገሩ በከንቱ ቀረ ብለው ደመደሙ፤ እኔ ግን በዚህ አልስማማም።

ያኔ በሲያትል ታኮማ አውሮፕላን ማረፊያ መንገደኞችን በዊልቸር እገፋ ነበር። አሠሪያችን አየር መንገዱ ሳይሆን ሥራውን በኮንትራት የወሰደ ኩባንያ በመሆኑ፣ የታመመ ሰው የቀረበት ቀን ከደመወዙ ይቆረጥ ነበር። በ2012 መጨረሻ የኒውዮርክ ፈጣን ምግብ ቤት ሠራተኞች በሰዓት 15 ዶላር ይከፈለን ብለው ሥራ አቆሙ፤ በዓመቱ ያው ጥያቄ አውሮፕላን ማረፊያው ባለበት በሲታክ ከተማ ለሕዝብ ድምፅ ቀረበ። የዋሽንግተን ግዛት ዝቅተኛ ክፍያ በወቅቱ 9.19 ዶላር ነበር።

ኢትዮጵያውያን፣ ሶማሌዎችና ኤርትራውያን የሥራ ባልደረቦች ከሥራ መልስ ቤት ለቤት እየዞርን ዜግነት ያላቸውን ለመራጭነት እናስመዘግብ ነበር። አንዲት እናት ቡና አቅርበውልን «ልጄ፣ የእኔ አንድ ድምፅ ምን ሊፈይድ ነው?» ሲሉ፣ ጓደኛዬ ቅጹን ከሲኒው አጠገብ ዘርግቶ «እማማ፣ እርስዎ ብቻ ይፈርሙ» አላቸው። የኖቬምበር 2013ቱ ምርጫ ውጤት ሲታወቅ ሕጉ የጸደቀው በ77 ድምፅ ብልጫ ብቻ ነበር።

ክፍያው ከጃንዋሪ 2014 ጀምሮ ለሆቴልና ለፓርኪንግ ሠራተኞች ሲደርስ፣ እኛን የአውሮፕላን ማረፊያውን ሠራተኞች ግን የፍርድ ቤት ክርክር አገደን፤ የግዛቲቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የፈረደልን በኦገስት 2015 ነው። በመካከሉ፣ በኦኩፓይ ሲያትል ትሳተፍ የነበረችው ክሻማ ሳዋንት የሲያትል ምክር ቤት አባል ሆና ተመርጣ፣ ከተማዋም በ2014 ደረጃ በደረጃ ወደ 15 ዶላር የሚያደርስ ሕግ አወጣች።

አዲሱ ክፍያ ከቼኬ ላይ ሲገባ የሌሊቱን ሁለተኛ ሥራዬን ለቀቅሁ። የፌዴራሉ ዝቅተኛ ክፍያ ግን ከ2009 ጀምሮ 7.25 ዶላር ላይ እንደቆመ ነው፤ በዳላስና በአትላንታ ለሚኖሩ ወገኖቻችን እስካሁን በሕግ የተረጋገጠላቸው ይኸው ብቻ ነው።