ጣናን የጎበኘነው ቴዎድሮስ አደባባይ ላይ ነው

ስለ ጣና የፈለጋችሁትን ጠይቁኝ። ደሴቶቹን፣ ገዳማቱን፣ ታንኳውን፣ የዘጌን ቡና፣ ሁሉንም ዘርዝሬ እነግራችኋለሁ። ባሕር ዳርን ግን እስከ ዛሬ አልረገጥኳትም። ይህን ሁሉ እውቀት የቀሰምኩት ቸርችል ጎዳና አናት ላይ፣ ፍሪሲዮኑ በጨረሰ ኮስተር ውስጥ፣ ትኩስ ድፎ ዳቦ ታቅፌ ነው።

ነገሩ ከኮሮና በፊት ነው። ያኔ አገር ማየት ፋሽን ሆኖ ነበር፤ መንገዱም ሰላም ነበር። የሰፈር ሰዎች ተሰባስበን ገንዘብ አዋጣንና ከአንድ አስጎብኚ ድርጅት ጋር ተዋዋልን። ስሙ ይቅርብን። ወረቀቱ «የጣና ሐይቅና የአካባቢው ማኅበረሰብ ጉብኝት፤ አራት ቀን፤ መኪና፣ አልጋ፣ ጀልባ እና ሙሉ ማብራሪያ» ይላል። ዋጋው ላይ ተከራከርን። አልጋው ላይ ተከራከርን። ሙሉ ማብራሪያው ላይ ማንም አፉን አልከፈተም።

እሁድ ንጋት 11 ሰዓት ስታዲየም አካባቢ ተገናኘን። እሁድ የተመረጠው መንገዱ ጭር ስለሚል ነው። ቦታ ስንደላደል እኔ ከእትዬ ጎን ደረሰኝ። እትዬ የሰፈሩ ሁሉ እናት ናቸው። ለስንቅ ብለው ሌሊቱን ድፎ ዳቦ ሲደፉ አድረዋል። ከነኮባው በነጭ ጨርቅ ቋጥረው ይዘውታል።

«ልጄ፣ እስቲ ያዝልኝ። መሬት ከተቀመጠ ይላብብኛል» አሉና ጭኔ ላይ አሳረፉት።

ድፎው የመኪና ጎማ ያህላል። ሙቀቱ ሱሪዬን አልፎ ገባ። እግሬን ላንቀሳቅስ ስል እትዬ በክርናቸው ይነኩኛል። የጥቁር አዝሙዱ ሽታ ደግሞ አፍንጫዬ ሥር ነው። ቁርስ ያልበላ ሰው ላይ የሚደረግ ግፍ አይደለም።

ከሾፌሩ ጀርባ የተቀመጡት ጋሼ ናቸው። ጡረታ የወጡ የጂኦግራፊ አስተማሪ ናቸው። ጡረታ የወጡት ግን ከደሞዙ እንጂ ከማስተማሩ አይደለም። አስጎብኚያችን ባለብዙ ኪስ ሰደርያ የለበሰ ወጣት ነው። ማይኩን ሁለቴ እፍ እፍ አለበትና «ክቡራን ጎብኚዎች፣ እንደምን አደራችሁ!» ሲል ጋሼ መነጽራቸውን አወጡ። ያኔ ነው መጠርጠር የነበረብን።

ለገሃርን አልፈን ቸርችልን ያዝን። ፖስታ ቤትን እንዳለፍን አንድ ሽታ መጣ።

«የማን ሽሮ ነው ያረረው?» አሉ እትዬ።

ሾፌሩ ነዳጅ ይረግጣል። ሞተሩ ይጮኻል። መኪናው ግን ንቅንቅ የለም። ትንሽ ቆይቶ ንቅንቅ አለ፤ ወደ ኋላ። ረዳቱ ዘሎ ወረደና ጎማው ሥር ድንጋይ ወሸቀ። ለጠዋት ስፖርት የወጡ ጎረምሶች ተባብረው፣ «ሆ!» እያሉ ገፍተው አደባባዩ ዳር አወጡን። ከ550 ኪሎ ሜትር በላይ ከሚሆነው መንገድ ሦስቱን እንኳ አላገባደድንም።

«ፍሪሲዮኑ ጨርሷል» አለ ሾፌሩ። በቃ። እሁድ ነው፤ ሶማሌ ተራ ያሉት የመለዋወጫ ሱቆች ተከርችመዋል። መካኒኩ ስልክ አያነሳም።

አስጎብኚው ለድርጅቱ ደወለ። ስፒከር ላይ አድርጎት ስለነበር ሁላችንም ሰማን። «ሌላ መኪና እየመጣ ነው። እስከዚያ ፕሮግራሙ እንዳይስተጓጎል!»

ልጁ ታዛዥ ነው። ሰዓቱን አየ፣ ወረቀቱን ገለጠ፣ ማይኩን አነሳ።

«ክቡራን ጎብኚዎች፣ በፕሮግራማችን መሠረት አሁን ጎሃ ጽዮን ደርሰናል። ከፊታችሁ የሚታየው የዓባይ በረሃ ነው።»

ሁላችንም በመስኮት ዞረን አየን። አንድ ሊስትሮ ሳጥኑ ላይ ተቀምጦ ያየናል። ከሱ ጀርባ ቸርችል ቁልቁል እስከ ለገሃር ይወርዳል። ቁልቁለቱስ እውነት ነው።

«በረሃውን ወርደን፣ በጃፓን እርዳታ የተሠራውን ድልድይ ተሻግረን ወደ ደጀን እንወጣለን።»

«አንተ ልጅ፣ ከፍታውን አልነገርክም» አሉ ጋሼ። «ጣና ከባሕር ጠለል በላይ 1800 ሜትር ገደማ ነው። ይሄ ያለንበት ወደ 2400 ይጠጋል። ከዚህ ጣና ቁልቁል ነው ማለት ነው። ፍሬኑ ቢለቀቅ...»

«ጋሼ፣ በእመቤቴ! ፍሬን የሚባል ነገር አያንሱብኝ» አለ ሾፌሩ።

ልጁ አልተበገረም። አደባባዩ ላይ ያለውን የሴባስቶፖል መድፍ እያሳየ፣ መድፉ የተሠራው ደብረ ታቦር አጠገብ ጋፋት ላይ እንደሆነ፣ ጋፋትም ከጣና በስተምሥራቅ እንደሆነ ነገረን። ከጠዋት ጀምሮ በዓይናችን ያየነው የመጀመሪያው የጉብኝት ቦታ ስለሆነ አጨበጨብን። ጋሼ ጭብጨባው እስኪያልቅ ጠበቁ። «ቅጂ ነው እንጂ! ዋናው መቅደላ ነው» አሉ።

እንዲህ እያልን ረፈደ። በዚህ መሃል የመሥሪያ ቤት ባልደረባዬ በእግሩ ሲያልፍ አየኝ። አርብ ዕለት ባሕር ዳር እንደምሄድ ለቢሮው ሁሉ አውርቼ ነበር። መስኮቱን አንኳኳ።

«አልሄድክም እንዴ?»

«እየሄድኩ ነው» አልኩት።

ድፎውን አየ፣ እኔን አየ፣ መንገዱን ቀጠለ።

ሦስት ሰዓት ላይ ሐይቁ ላይ ደረስን። ማለቴ በፕሮግራሙ። በጣና ላይ 37 ደሴቶች አሉ አለ ልጁ። ትልቁ ደቅ ነው፤ እቴጌ ምንትዋብ ያሠሯት ናርጋ ሥላሴም እዚያው ናት። ዳጋ እስጢፋኖስ የዐፄ ዘርዓ ያዕቆብና የዐፄ ፋሲል አጽም አርፎበታል። ጣና ቂርቆስ ደግሞ ታቦተ ጽዮን አክሱም ከመግባቷ በፊት የቆየችበት ነው ይባላል። ማይኩ እስከ ማዘጋጃ ቤት ሳይሰማ አልቀረም።

ከጊዮርጊስ ቅዳሴ ወጥተው ቁልቁል የሚወርዱ አንዲት እናት ነጠላቸውን እንዳጣፉ ቆመው ሰሙ። አማተቡ። ወደ በሩ መጡ።

«የጉዞ ማኅበር ናችሁ? የት ነው የምትሳለሙት?»

«ጣና ነው እናቴ፤ ይግቡ» አለ ረዳቱ። ቀልድ መስሎታል። እናት ግን ገቡ። አንድ ጎረቤታችን ተናዶ በታክሲ ወደ ቤቱ ተመልሶ ስለነበር ቦታ አላጡም። እንደተቀመጡ «ጠበል አለው?» ብለው ጠየቁኝ። ከእትዬ ጋር ደግሞ ወዲያው ተግባቡ፤ በዓይኔ እያየሁ ስለ ወገብ ሕመም ማውራት ጀመሩ።

«አሁን ክብራን ገብርኤል ደርሰናል» አለ ልጁ። «እዚህ ሴት አይገባም። ስለዚህ እናቶችና እህቶች ጀልባው ላይ ይቆያሉ።»

«ይሁን» አሉ እትዬ። «ወንዶቹ ውረዱና ተሳለሙ። እኛ ድፎውን እንቆርሳለን።»

ልክ በዚህ ሰዓት ትራፊክ መጣ። መኪናውን አንሱ አለ። አይነሳም አልነው። ልጁ ማይኩን ሳይለቅ ወጣና «ክቡር ትራፊክ፣ ጎብኚዎች ይዘናል» አለው።

«የት ነው የምታስጎበኘው?»

«ጣና።»

ትራፊኩ መስኮቶቹን አንድ በአንድ አየ። ከዚያ ጠጋ ብሎ የልጁን አፍ አሸተተ። «ጠጥተሃል?»

ወንዶች ሁላችን ወረድን፤ ለመሳለም ሳይሆን ለመግፋት። መኪናውን ከአደባባዩ ጥግ ወደ አንድ ዛፍ ሥር ስናስጠጋው ሴቶቹ ውስጥ ቁጭ ብለው ዳቦ ይበላሉ። ተመልሼ ስገባ ድፎው ግማሽ ሆኗል። የቀረውን ግማሽ እትዬ መልሰው ጭኔ ላይ አኖሩት።

ቀጣዩ ዘጌ ነበር። ይሄኛው ደስ ብሎኛል፤ አልዋሽም። ልጁ መኪናው አጠገብ ወደምትሸጥ የጀበና ቡና ልጅ ይዞን ሄደ። በርጩማ አልበቃ ብሎን ቆመን ጠጣን። ዘጌ ላይ በሬ ጠምዶ ማረስ በአባቶች ትእዛዝ የተከለከለ ነው ይባላል፤ ስለዚህ ሰዉ የሚኖረው በቡና፣ በጌሾና በሎሚ ነው አለን። ጋሼ ለመጀመሪያ ጊዜ በአድናቆት ራሳቸውን ነቀነቁ። «ጫካው የተረፈው ለዚህ ነው። በሬ የገባበት አገር ዛፍ አይተርፈውም» አሉ። ልጁ በኩራት ደረቱን ነፋ። «እህቴ፣ ቡናው የዘጌ ነው አይደል?» ብሎ ጠየቃት።

«የአትክልት ተራ ነው» አለች።

የጣና ዳር ነዋሪዎቹ የነገደ ወይጦ ሰዎች የታንኳ አሠራር ግን የቀኑ ቁንጮ ነበር። ወረቀቱ ላይ «ጎብኚዎች በተግባር ይሞክራሉ» ይላል። ታንኳው የሚሠራበት የሐይቅ ዳር ቄጠማ፣ ደንገል፣ ከየት ይምጣ? ልጁ ከአንድ አዟሪ ያደሩ ጋዜጦች ገዛ። ደንገሉ ታጭዶ ፀሐይ ላይ ይደርቃል፣ ይታሰራል፣ እሱ ላይ ሌላ ይደረባል፣ አፍንጫው ወደ ላይ ይቀለበሳል እያለ ጋዜጣውን መጠቅለል ጀመረ። ውሃ እየጠጣ ስለሚከብድ ዕድሜው አጭር ነው፤ ቶሎ ቶሎ ሌላ መሥራት ግድ ነው። እኛም ጠቀለልን። የኔ ሲጋራ መሰለ። ያ ጠዋት ሲያየን የነበረው ሊስትሮ ግን ሳጥኑን ትቶ መጣ። ጋዜጣውን ጠበቅ ጠበቅ አድርጎ ጠቀለለ፣ በጫማ ክር አሰረው፣ አፍንጫውን ቀለበሰው። ሲጨርስ እውነተኛ ታንኳ ቁጭ አለች።

ጋሼ ታንኳዋን ሲያዩ አላስቻላቸውም። ማይኩን ከልጁ እጅ ተቀበሉት።

«በፈረንጆች 1969 ሄየርዳል የሚባል ኖርዌያዊ አትላንቲክን በደንገል ጀልባ እሻገራለሁ ብሎ ተነሳ። ደንገሉን ከየት አመጣ? ከዚሁ ከጣና! ግብፅ ፒራሚዱ ሥር አስጋዘው። ጀልባውን የሠሩለት ከቻድ ሐይቅ የመጡ ሰዎች ናቸው። ከሞሮኮ ተነስቶ ሊደርስ ጥቂት ሲቀረው ጀልባዋ ውሃ ጠጥታ ተበታተነች። በዓመቱ ደግሞ ከደቡብ አሜሪካ ቲቲካካ ሐይቅ አይማራ የሚባሉ ሰዎች አስመጥቶ ሌላ አሠራ። ቲቲካካ ከባሕር ጠለል በላይ 3812 ሜትር ነው፤ ልብ በሉ። እነሱም እንደኛዎቹ በቄጠማ ጀልባ የኖሩ ናቸው። ያቺኛዋ ባርቤዶስ ገባች።»

ሊስትሮው እጁን አወጣ። እጅ ማውጣቱ ራሱ ጋሼን አስደሰታቸው።

«ጋሼ፣ ደንገሉ የጣና ከሆነ የጣና ሰዎች ለምን አልሠሩትም?»

ጋሼ አፋቸውን ከፈቱ። ዘጉት። መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉ። ማይኩን ለልጁ መለሱለት። ከዚያ በኋላ እስከ ስምንት ሰዓት አልተነፈሱም። አስጎብኚው ለሊስትሮው ምሳ የጋበዘው በዚህ ምክንያት ይመስለኛል።

ስምንት ሰዓት ላይ ትዕግሥታችን አለቀ። «ሌላው መኪና የታለ?» አልን። ልጁ ደወለ።

«እየመጣ ነው። ደብረ ማርቆስን አልፏል።»

«ከየት ነው የሚመጣው?» አልኩ።

«ከባሕር ዳር ነዋ! ትናንት እዚያ ያደረሳቸውን ጎብኚዎች ይዞ።»

እትዬ እንኳ ሳቁ። ከዚያ ስለ ገንዘባችን ጥያቄ ተነሳ። ከስልኩ ውስጥ የመጣው መልስ እንዲህ የሚል ነው። የአልጋውና የጀልባው ይመለሳል። የመኪናው በተጓዝንበት ልክ ተቆርጦ ይመለሳል። የማብራሪያው ግን አይመለስም፤ ማብራሪያው ሙሉ በሙሉ ተሰጥቷል። ተሰጥቷል ወይ? ተሰጥቷል። እንኳን እኛ ትራፊኩም ሰምቷል። የምንለው አጣን።

ልጁ እያላበው ከሰደርያው ኪስ የአስተያየት ቅጽ አወጣ። ካልተሞላ ደሞዙን እንደማይሰጡት ሲነግረን አሳዘነንና ሁላችንም ሞላን። ጋሼ በቀይ እስክሪፕቶ «6/10፤ ከፍታ ላይ ይታረም» ብለው ፈረሙበት። ሾፌሩ ያለ ማንም ጥያቄ አንድ ቅጽ ወስዶ ስለ ፍሪሲዮኑ ሁለት ገጽ ጻፈ።

የጊዮርጊሷ እናት ማንበብ ስለማይችሉ የሳቸውን እኔ ያዝኩላቸው።

«እናቴ፣ ጀልባው ምቹ ነበር ወይ ይላል።»

ትንሽ አሰቡ። ከድፎው የተረፈችውን ቁራሽ በነጠላቸው ጫፍ ቋጠሩ።

«ጥሩ ነው በል ልጄ» አሉ። «ምንም አላናወጠኝም።»