ጋሼ «አቁሚው» ያሉኝ ቦታ

«ጤዛ» የተባለውን ፊልም መጀመሪያ ያየሁት ዩኒቨርሲቲ እያለሁ ነው። ፊልም ከምግብ ከሚያስበልጥ ጓደኛዬ ጋር፣ በላፕቶፕ፣ አንድ ኢርፎን ለሁለት ተካፍለን። 140 ደቂቃ ነው። ጓደኛዬ ግማሹ ላይ ሳይደርስ ማዛጋት ጀመረ። «ዝብርቅርቁ ወጥቷል። የቱ ቅዠት፣ የቱ እውነት እንደሆነ አይለይም» አለ። እኔም አልተከራከርኩትም። ጀርመን ነን ስንል ጎንደር ገጠር፣ ጎንደር ነን ስንል አዲስ አበባ።

የሚያስቀው፣ ዝብርቅርቅ ያልነው ድርሰት እ.ኤ.አ. በ2008 ቬኒስ ፊልም ፌስቲቫል ላይ የምርጥ ስክሪፕት ሽልማት አግኝቷል። የዳኞቹ ልዩ ሽልማትም ተጨምሮለታል። በዓመቱ ቡርኪና ፋሶ፣ ዋጋዱጉ ሄዶ ፌስፓኮ የሚባለውን የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል ትልቁን ሽልማት፣ የየኔንጋን ወርቃማ ፈረስ ወሰደ። ይሄን ያነበብኩት ቆይቼ ነው። «ዳኞች የሚወዱት ተመልካች የማይገባውን ነው» ብዬ ተውኩት።

ባለፈው ክረምት አጎቴ ከጎንደር መጥተው እኛ ጋ ሰነበቱ። ጋሼ ከዜና ሌላ ቴሌቪዥን አያዩም። አንድ እሁድ ዝናቡ አላስወጣ ሲለን ከፈትኩላቸው። መጀመሪያ ቆሎ እየቆረጠሙ የበሬዎቹን መክሳት ሲተቹ ነበር። ቀጥሎ አነጋገሩን ሰሙና «ይሄማ የኛው ነው» አሉ።

ከዚያ የመንደሩ ልጆች ለውትድርና እንዳይታፈሱ ዋሻ ውስጥ የተደበቁበት ቦታ መጣ።

«እስቲ አቁሚው።»

አቆምኩት። ቆሎው እጃቸው ላይ ቀረ። ጋሼ እሳቸውም ተደብቀው እንደነበር ያን ቀን ሰማሁ። ዋሻ አይደለም፣ ቆጥ ላይ። ሁለት ወር። የሚወርዱት ሲመሽ ብቻ ነው። ሳል ሲይዛቸው የእናታቸውን ነጠላ አፋቸው ውስጥ ይወትፉ ነበር። አያቴ ለመጣው ሁሉ «ጎጃም ወርዷል» ትላለች። እናቴ የገዛ እህታቸው ናት፤ እሷም ይሄን አታውቅም ነበር። ሽንኩርት እየከተፈች በሩ ላይ ቆማ ቀረች።

ቀጠልን። ጀርመን፣ ጎንደር፣ አዲስ አበባ። «ጋሼ፣ ወዲያ ወዲህ ማለቱ አላምታታዎትም?» አልኳቸው።

«ምኑ?» አሉኝ።

አንድ ቅሬታ ግን ነበራቸው፤ የተማሪዎቹ ክርክር በዛባቸው። እዚህ ላይ አሁንም ከጋሼ ጋር ነኝ፤ ያ የጀርመኑ ክፍል ትንሽ ቢታጠር ምንም አይጎድልበትም።

ሲያልቅ «የሠራው ማነው?» አሉ። ኃይሌ ገሪማ ይባላል፣ ዋሽንግተን ነው፣ ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት ሳንኮፋ የሚባል መጻሕፍት ቤት አለው አልኳቸው። ዋሽንግተኑም ሃዋርዱም አልደነቃቸው። ቬኒስን ብነግራቸው ራሳቸውን ነቀነቁ፣ ያው ለጨዋነት።

«የጎንደር ልጅ ነው» ስል ግን ዞር አሉ።

«የማን ልጅ?»

«የገሪማ ታፈረ።»

«ጎንደሬ በጋሻውን የጻፉት?» ጋቢያቸውን ሰብስበው ቀና አሉ። «ታዲያ ይሄን መጀመሪያ አትነግሪኝም ነበር? በይ፣ ከሥሩ አስጀምሪው።»