አሳማ የማይበላ እንግዳ በቦሎኛ ማዕድ ቤት

የአሳማ ሥጋ የማይበላ ሰው ምግብ ለመማር ቦሎኛን ሲመርጥ ወዳጆቹ ቢገረሙ አይፈረድባቸውም። ሞርታዴላ የሚባለው የአሳማ ቋሊማ የዚህች ከተማ ልጅ ነው፤ ፕሮሹቶ የሚባለው በጨው የደረቀ የአሳማ ታፋ ከጎረቤቷ ከፓርማ ይመጣል፤ ስመ ጥሩው የቦሎኛ የሥጋ ስጎም ሆነ በመረቅ የሚቀርበው ቶርቴሊኒ የሚባለው የተሞላ ፓስታ በደንባቸው ከተሠሩ አሳማ አይለያቸውም። ጣሊያኖች ለከተማዋ ሦስት ቅጽል አውጥተውላታል፤ እ.ኤ.አ. በ1088 ተመሠረተ በሚባለው ዩኒቨርሲቲዋ «የተማረችው»፣ በጣራዎቿና በግድግዳዎቿ ቀለም «ቀይዋ»፣ በማዕዷ ደግሞ «የሰባችው» ይሏታል። እኔን የወሰደኝ ሦስተኛው ቅጽል ሲሆን፣ በተለይም በእጅ የሚዳመጠው የእንቁላል ሊጥ ነበር። ሊጡ ደግሞ ከዱቄትና ከእንቁላል በቀር ምንም የለበትም።

ጊዜውን የመረጥሁት በባሕረ ሐሳብ ነው ማለት ይቻላል። ረቡዕና ዓርብን የሚጾም ሰው እንቁላል፣ ቅቤና ፎርማጆ የማይጠፋበትን ማዕድ ቤት ለመጎብኘት ሲያስብ፣ ከትንሣኤ እስከ ጰራቅሊጦስ ካለው በዓለ ኀምሳ የተሻለ ወቅት አያገኝም፤ በዚያን ጊዜ የትኛውም ቀን ቢገጥመው ጾም የለበትምና። ቀጥሎ የመጣው ችግር ትምህርቱን የት ልማር የሚለው ነበር። ለቱሪስት ከሚዘጋጁት ትምህርቶች ብዙዎቹ፣ ሼፉ ሲሠራ እንግዳው ወይን እየጠጣ የሚመለከትባቸው ትርዒቶች ናቸው። እኔ ግን እጄ ዱቄት ውስጥ እንዲገባ ፈልጌ ስለነበር፣ በአንዲት ስፎሊና ቤት የሚሰጠውን ትምህርት መረጥሁ። ስፎሊና ማለት በዚያ አገር ሊጥ መዳመጥን ሙያዋ ያደረገች ሴት ናት፤ በከተማዋ መንገዶች ሲያልፉ በሱቅ መስኮት በኩል እነዚህን ሴቶች በሥራ ላይ ማየት የተለመደ ነው። አሳማ እንደማልበላ ቀደም ብዬ ጽፌላቸው ነበር፤ የመጣው መልስ አጭርና ጨዋነት የተሞላበት ነበር፤ «ችግር የለም፣ ሌላ ነገር እንሠራለን» የሚል።

ጠዋት የተገናኘነው ከዋናው አደባባይ ከፒያሳ ማጆሬ ጀርባ ባለው፣ ኳድሪላቴሮ በሚባለው የድሮ ገበያ ነው። ጠባብ መንገዶቹ በዓሣ፣ በአትክልት፣ በፎርማጆና በሥጋ ሱቆች የተሞሉ ሲሆኑ፣ ከየበሩ የሚወጣው የፓርሚጃኖ ሽታ እስከ አደባባዩ ይደርሳል። አስተማሪያችን ዕድሜያቸው የገፋ፣ ቁመታቸው አጠር ያለ፣ ክንዳቸው ግን የአናጢ የሚመስል ሴት ናቸው፤ እንግሊዝኛ የሚያስተረጉሙት በልጃቸው ነበር። ገበያ ውስጥ ብዙ አልቆየንም። እንቁላል ገዙ፣ ሪኮታ ገዙ፣ ፓርሚጃኖ ከመግዛታቸው በፊት ግን ስንት ወር እንደቆየ ጠየቁ። ይህ ፎርማጆ በሕጉ መሠረት ቢያንስ 12 ወር ሳይቆይ በስሙ ሊሸጥ አይችልም፤ እርሳቸው የፈለጉት ለመሙያ የሚሆነውን የ24 ወሩን ነበር። የገዙት እንቁላል አስኳል ከቢጫ ይልቅ ወደ ብርቱካን የሚያደላ ሲሆን፣ የሊጡ መልክ የሚመጣው ከዚሁ እንደሆነ ነገሩን።

ማዕድ ቤታቸው ሰፊ አይደለም። እያንዳንዳችን የራሳችን የእንጨት ገበታ፣ የራሳችን መዳመጫና ሽርጥ ተሰጠን። የእነርሱ መዳመጫ እጀታ የለውም፤ ወጥ የሆነ፣ ቀጭን፣ ርዝመቱ አንድ ሜትር የሚጠጋ እንጨት ነው። ሥራው የተጀመረው ዱቄቱን ገበታው ላይ ከምሮ መካከሉን በመጎድጎድ ነው። መጠኑ ለ100 ግራም ዱቄት አንድ እንቁላል ነው፤ ውኃ የለም፣ ዘይት የለም፣ ጨውም የለም። እንቁላሉን በጉድጓዱ ውስጥ በሹካ እየመቱ ዱቄቱን ከዳር ዳር በጥቂቱ ወደ ውስጥ መሳብ፣ ከጠጠረ በኋላ ደግሞ በመዳፍ ማሸት ነው። አስተማሪያችን ሰዓት አይመለከቱም ነበር፤ ሊጡን በአውራ ጣታቸው ጫን ያደርጉትና ተመልሶ ካልተነሣ «አልደረሰም» ይላሉ። የብዙዎቻችን ሊጥ ሩብ ሰዓት ያህል ከታሸ በኋላ ነው የተቀበሉት። ከዚያ ተሸፍኖ ግማሽ ሰዓት ያርፋል።

ሊጡ ሲያርፍ ስለ ዱቄቱ ተነጋገርን። አዲስ አበባ በፓኬት የምንገዛው ፓስታ በደረቅነቱና በጥንካሬው የሚታወቀው ዱረም ከሚባለው ጠንካራ ስንዴ ስለሚሠራ ነው፤ ኢትዮጵያም የዚህ ስንዴ የብዝኃ ዘር መገኛ ከሆኑት አገሮች አንዷ ናት። ጣሊያን እ.ኤ.አ. በ1967 ባወጣችው ሕግ ደረቅ ፓስታ ከዱረም ስንዴ ብቻ እንዲሠራ ደንግጋለች። ቦሎኛ ግን ያለችው በስተሰሜን፣ ለስላሳ ስንዴ በሚበቅልበት በፖ ወንዝ ሜዳ ነው። ለስላሳው ዱቄት ብቻውን ፓስታ ሆኖ አይጸናም፤ ሲቀቀል እንዳይፈርስ የሚይዘው እንቁላሉ ነው። ደቡቡ ውኃና ዱረም፣ ሰሜኑ እንቁላልና ለስላሳ ዱቄት፤ የጣሊያን ፓስታ በብዛት የሚከፈለው በዚህ መስመር ላይ ነው። ፓስታ እየበላሁ አድጌ ይህን የሰማሁት በዚያ ማዕድ ቤት መሆኑ አስገርሞኛል።

መዳመጡ ዋናው ሙያ ነው፤ የቀኑም ትልቁ ክፍል ያለቀው በዚሁ ላይ ነው። ሊጡ ከመካከል ወደ ዳር ይገፋል፤ በየግፊቱ መካከል ሩብ ዙር ይዞራል፤ ሲሰፋ አንደኛው ጫፉ ከገበታው ጠርዝ ወደ ታች ይንጠለጠልና በሆድና በጠርዙ መካከል ተይዞ፣ ሌላው ጫፍ መዳመጫው ላይ እየተጠቀለለ ይሳባል። አስተማሪያችን ሲሠሩት መዳፎቻቸው በእንጨቱ ላይ ከመካከል ወደ ጫፍ እየተንሸራተቱ ነበር፤ ሊጡን የሚያሳሳው ወደ ታች መጫን ሳይሆን ይህ ወደ ጎን የሚሄደው እንቅስቃሴ ነው። አጠገቤ የቆመው ከአውስትራሊያ የመጣ ጎልማሳ ጉልበተኛ ስለነበር ሊጡን ከመካከሉ ሸነቆረው። አስተማሪያችን ሲኞራ አልተቆጡትም፤ ከዳር ትንሽ ቆርሰው፣ ጣታቸውን ውኃ ነክረው ቀዳዳውን ለጠፉለትና ሁለት ጊዜ መዳመጫውን ቢያሳልፉበት የተቀደደው ቦታ የት እንደነበር ጠፋ።

ሊጡ መሳሳቱን የሚለኩት ወደ ብርሃን ከፍ አድርገው ነው። በከተማዋ አባባል፣ በደንብ የተዳመጠ ሊጥ በውስጡ ሳን ሉካን ማሳየት አለበት። ሳን ሉካ በስተደቡብ ምዕራብ ካለው ኮረብታ ላይ የተሠራ የእመቤታችን ቤተ ክርስቲያን ሲሆን፣ ወደዚያ የሚያወጣው ባለ ጣራ መተላለፊያ ብቻ ወደ 4 ኪሎ ሜትር ይጠጋል። በውስጡ ያለችውን ሥዕለ ማርያም ወንጌላዊው ሉቃስ ሣላት ይላሉ፤ በእኛም ቤተ ክርስቲያን ሉቃስ ስለሣላት ሥዕል የሚነገረውን ለሚያውቅ ሰው ነገሩ እንግዳ አይደለም። ከማዕድ ቤቱ መስኮት ኮረብታው ባይታይም፣ በሊጤ ውስጥ የጎረቤቱን ሰገነትና የተሰጣውን ልብስ ለይቼ ማየት በመቻሌ ሲኞራ «ይበቃል» አሉኝ።

በማሽን ቢዳመጥ ምን ነበረበት ብሎ የጠየቀ ሰው ነበር። መልሳቸው በሊጡ ገጽ ላይ እጃችንን እንድናሳልፍ ማድረግ ነበር። የእንጨቱ ገበታና የእንጨቱ መዳመጫ ሊጡን በጣት የሚታወቅ ሻካራነት ይሰጡታል፤ የብረት ማሽን ግን ገጹን ያለሰልሰዋል። ስጎው የሚይዘው ሻካራው ላይ ነው።

ጥቂት ደርቆ ከተጠቀለለ በኋላ ሊጡ ታልያቴሌ የሚባለውን ጥብጣብ መሰል ፓስታ ለመሆን በቢላ ይቆረጣል። ቦሎኛዎች ስለ ስፋቱ ቀልድ አያውቁም። እ.ኤ.አ. ሚያዝያ 16 ቀን 1972 የአንዲት ታልያቴሌ ትክክለኛ ልክ በከተማዋ የንግድ ምክር ቤት በይፋ የተመዘገበ ሲሆን፣ ከወርቅ የተሠራ ናሙናም እዚያው ይገኛል። ልኩ ከተቀቀለ በኋላ 8 ሚሊሜትር ስፋት ነው፤ ይህም ከተማዋ መካከል ከቆመው ከ97 ሜትሩ የአሲኔሊ ግንብ ቁመት 12,270ኛው እጅ ነው ይላሉ። በእኔ አመለካከት ይህ ስሌት ከሳይንስ ይልቅ ለኩራት የቀረበ ነው፤ ሆኖም ሲኞራ ማስመሪያ ሳይዙ የቆረጡት ሁሉ እኩል ሲወጣ ካየሁ በኋላ ኩራቱ አላስከፋኝም።

ራጉ የሚባለውን የቦሎኛ የሥጋ ስጎ በተመለከተ፣ ለኢትዮጵያዊ የወጥ ቤት ሰው ከሁሉ የሚያስደንቀው የሌለው ነገር ነው። የጣሊያን የምግብ አካዳሚ እ.ኤ.አ. በ1982 በዚያው ንግድ ምክር ቤት ያስመዘገበውና በ2023 እስኪታደስ ድረስ የቆየው አሠራር ለ300 ግራም የበሬ ሥጋ የሚያዘው ሽንኩርት 30 ግራም ብቻ ነበር! ነጭ ሽንኩርት የለም፤ ሚጥሚጣና በርበሬማ የሚታሰቡ አይደሉም። ካሮትና ሴለሪ እየተከተፉ 50፣ 50 ግራም ይገባሉ፤ የቲማቲም ድልህ እንደ ማቅለሚያ ያህል ነው፤ ከዚያ ትንሽ ወይንና አንድ ብርጭቆ ወተት ይጨመራል። ቁሌቱ ሳይበስል ሥጋ ማስገባት ነውር በሆነበት ቤት ላደገ ሰው፣ ይህ ወጥ ሳይሆን ስለ ወጥ የተሰማ ወሬ ይመስላል። ነገር ግን በጣም በዝግታ፣ ከሁለት ሰዓት በላይ ሲንተከተክ ሥጋው ራሱ ጣፋጭ ይሆናል፤ ቀለሙም ወደ ቀይ ሳይሆን ወደ ቡኒ ያደላል። በደንቡ ውስጥ 150 ግራም ፓንቼታ፣ ማለትም የአሳማ ሆድ ሥጋ አለ። ሲኞራ ለእኔ በትንሽ ድስት ያለ ፓንቼታ በቅቤ ሠሩልኝ። «ይህም ራጉ ይባላል?» ብዬ ብጠይቃቸው በልጃቸው በኩል የመጣልኝ መልስ «ጥሩ የሥጋ ስጎ ነው፤ እርስዎ በደስታ ይብሉት» የሚል ነበር። ራጉ ነው ብለው ግን አልተናገሩም።

ቶርቴሊኒ ላይ ስንደርስ እንዲህ ዓይነት መላ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1974 የተመዘገበው መሙያ የአሳማ ወገብ ሥጋ፣ ፕሮሹቶና ሞርታዴላ እኩል እኩል ሆነው ከፓርሚጃኖ፣ ከእንቁላልና ከገውዝ ጋር የሚደባለቁበት ነው፤ ሦስቱም አሳማ ናቸው። ሌሎቹ ያንን ሲሞሉ እኔ በሰፊው የሚቆረጠውን ቶርቴሎኒ ሠራሁ። የቶርቴሎኒ መሙያ ከእኛ አይብ ጋር የሚቀራረበው ሪኮታ፣ ፓርሚጃኖ፣ በደቃቁ የተከተፈ ፐርሰሜሎና ጥቂት ገውዝ ነው። ይህም የከተማዋ የራሷ ምግብ እንጂ ለእኔ ተብሎ የተፈጠረ ማካካሻ አይደለም። ካሬው ሊጥ ላይ መሙያው ይቀመጣል፤ በሦስት ማዕዘን ይታጠፋል፤ አየር እንዳይቀር ዙሪያው በጣት ይጠበቃል፤ ከዚያ ሁለቱ ጫፎች በጣት ዙሪያ ተጠምዝዘው ይጣበቃሉ። አየር ከቀረበት ውኃው ሲፈላ ይፈነዳል። ሊጡ እንዳይደርቅ ደግሞ እጅ መፍጠን አለበት፤ በዚህ ሥራ ከእንጀራ ጋገራ የተማርሁት ፍጥነት ሳይጠቅመኝ አልቀረም።

የበላነው ከሰዓት በኋላ ነው። ታልያቴሌው በፈላ ውኃ ውስጥ ሁለት ደቂቃ ያህል ቆይቶ ወጣ፤ ቶርቴሎኒው በገበታ ቅቤና በሳልቪያ ቅጠል ተለወሰ። ስጎው ከታልያቴሌው ላይ አይወርድም፤ ሳህኑ ሲያልቅ ከሥር የቀረ ነገር አልነበረም። ቦሎኛዎች በስማቸው ዓለም የሚበላውን ስፓጌቲ የማይቀበሉት ለምን እንደሆነ ያን ጊዜ ገባኝ፤ ስፓጌቲ ለስላሳ ስለሆነ እንዲህ ያለው ደረቅ ያለ የሥጋ ስጎ ተንሸራቶ ከሥር ይቀራል። በእኛ ቤት ፓስታ ሲበላ መጨረሻ ላይ ሥጋው ለብቻው በማንኪያ የሚለቀመው በዚሁ ምክንያት ነው፤ እውነቱን ለመናገር ያንን መልቀም እኔ እወደዋለሁ።

ይህን ትምህርት ለመውሰድ የሚያስብ ሰው ገንዘብ ከመክፈሉ በፊት ለእያንዳንዱ ተማሪ የራሱ ገበታና መዳመጫ ይሰጠው እንደሆነ፣ ሊጡም በማሽን ይዳመጥ እንደሆነ ቢጠይቅ ይበጀዋል፤ በማሽን ከሆነ ቦሎኛ ድረስ መሄድ አያስፈልግም። የማይበላውን ነገር በጽሑፍ ያሳውቅ፤ ሲያሳውቅም ቶርቴሎኒን በስሙ ይጥራ፤ በዚያ አገር የምግብን ስም አውቆ የመጣ እንግዳ በተለየ ዓይን ይታያልና። መዳመጫውን ለመግዛት የሚፈልግ ደግሞ በገበያው ዙሪያ ካሉት የዕቃ ሱቆች ያገኘዋል፤ ሻንጣ ውስጥ ግን አይገባም። እኔ የገዛሁት አጠር ያለውን ነው፤ ለሦስት እንቁላል ሊጥ ይበቃል።