ሸክላ በአልኮል

«ሸክላ በአልኮል ነው የሚጠረገው» ያሉኝ ጋሼ ናቸው። ሥራ በጀመርኩ በሁለተኛው ቀን። እኔም እንደ ውዳሴ ማርያም በቃሌ ያዝኩት። ጣጣው ሁሉ የመጣው ከዚያ ነው።

የምሠራበት ሱቅ ሜሪላንድ ውስጥ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ነው። የድሮ ድምፅና ምስል ወደ ኮምፒዩተር እንገለብጣለን። የሰርግ ቪኤችኤስ፣ የለቅሶ ካሴት፣ ከአገር ቤት ሲመጣ ሻንጣ ውስጥ የተጣመመ ሸክላ። ባለቤቱ ፈረንጅ ነው። ከደንበኛው ብዙው ሐበሻ ስለሆነ ጋሼንና እኔን ቀጥሯል። ጋሼ አዲስ አበባ እያሉ ሙዚቃ ቤት ነበራቸው። አምሃ ሪከርድስ ከ1969 ጀምሮ ያወጣቸውን ትንንሽ ሸክላዎች (ዓመቱን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምጽፈው፣ ይቅርታ) ገና ከሩቅ ያውቋቸዋል። አጠራረጋቸው ቀላል ነው። የተጣራ ውሃ ላይ አልኮል ጠብ ያደርጋሉ፣ ለስላሳ ጨርቅ ይነክራሉ፣ መስመሩን ተከትለው ያብሳሉ። የሃምሳ ዓመት አቧራና የጣት ቅባት ብን ብሎ ይጠፋል። እኔም ስንቱን የጥላሁንና የማህሙድ ሸክላ እንዲህ አብሼ አስረክቤአለሁ።

ባለፈው ዓመት አንድ ማክሰኞ ጠዋት አንዲት ጥቁር አሜሪካዊት አዛውንት ከልጅ ልጃቸው ጋር ገቡ። ሰማንያን ያለፉ ናቸው። ልጁ የሙዝ ካርቶን ተሸክሟል። ውስጡ ሃያ አንድ ሸክላ በጋዜጣ ተጠቅልሎ ተደርድሯል። የአያታቸው ዕቃ ነው። አያትየው አትላንታ፣ ጆርጂያ ውስጥ የሰው ልብስ እያጠቡ የኖሩ ሴት ነበሩ። «ሁሉንም ገልብጡልኝ» አሉ። ከዚያ አንዱን አውጥተው ለብቻው ከላይ አስቀመጡት። ሲያስቀምጡት አይቻለሁ። ለምን እንደሆነ አልጠየቅኳቸውም።

እንደወጡ ካርቶኑን ፈታሁ። እንዲህ ያለ ዕቃ በየቀኑ አይገባልንም። በ1920 ማሚ ስሚዝ የምትባል ጥቁር ዘፋኝ ኦኬ ለተባለ ኩባንያ ኒው ዮርክ ላይ ብሉዝ የሚባለውን የጥቁሮች ዘፈን ቀዳች። ሸክላው እንደ ትኩስ ዳቦ ተሸጠ። ኩባንያዎቹ ያኔ ነው ጥቁር ሕዝብ ገንዘቡን አውጥቶ የራሱን ድምፅ እንደሚገዛ የነቁት። ከዚያ በኋላ ገጠር ለገጠር፣ ከተማ ለከተማ ዘፋኝ ፍለጋ ሆነ። የሚገርመው የንግዱ መንገድ ነው። ግራሞፎን ያን ጊዜ የቤት ዕቃ ነው፣ የሚሸጠውም ከአልጋና ከቁም ሳጥን ጎን። ስለዚህ ሸክላውንም የሚሸጠው ያው የቤት ዕቃ ነጋዴ ነው። ፓራማውንት የሚባለው ዝነኛ የብሉዝ ማተሚያ ባለቤቱ ማን ነበር ብትሉኝ፣ ዊስኮንሲን ያለ የወንበር ፋብሪካ ነው! የግራሞፎን ሣጥን ይሠሩ ነበር። ሣጥኑን ለመሸጥ ሸክላ ማተም ጀመሩ።

ካርቶኑ ውስጥ አንድ ፓራማውንት ነበር። የብላይንድ ሌመን ጀፈርሰን። ከቴክሳስ የመጣ ዓይነ ስውር ጊታረኛ ነው። ከ1926 እስከ ሞተበት 1929 መቶ ገደማ ዘፈን ቀድቷል። ፓራማውንት ጥሬ ዕቃ ላይ ይሰስት ስለነበር ሸክላዎቹ ከአዲስነታቸው ጀምሮ ይንሿሿሉ። ኩባንያው በ1930ዎቹ መጀመሪያ ቀረጻውን ሲያቆም ሸክላው የሚታተምባቸው የብረት እናት ሰሌዳዎች ለቁርጥራጭ ብረት ተሸጡ። እንግዲህ ዛሬ የቀረው ሰው ቤት የተገኘው ብቻ ነው። ብራናው ጠፍቶ ከገልባጮቹ ቅጂ እንደሚነበብ መጽሐፍ ማለት ነው።

ከሥሩ ደግሞ የካርተር ቤተሰብን አገኘሁ። የነጭ ገበሬዎች ዘፈን! እነዚህ የቨርጂኒያ ተራራ ሰዎች ናቸው። በ1927 ነሐሴ ላይ ራልፍ ፒር የሚባል የቪክተር ኩባንያ ሰው ብሪስቶል በምትባል የጠረፍ ከተማ፣ የባርኔጣ ድርጅት የነበረ ሕንጻ ውስጥ መቅጃውን ተክሎ «የምትዘፍኑ ኑ» አለ። ሦስቱ በአሮጌ መኪና ደረሱ። ጊታር የምትመታው ሜይቤል እርጉዝ ነበረች። ለአንድ ዘፈን 50 ዶላር ተከፈላቸው። ያኔ ኩባንያዎቹ ጥቁሩንና ነጩን በሸክላው መለያ ቁጥር ሳይቀር ይለያዩ ነበር። ኮሎምቢያ የሚባለው ኩባንያ ለምሳሌ ለጥቁር ገዢ ከ14000 ይነሳል፣ ለነጭ ገበሬ ከ15000። ያው የቀረጻ ቡድን፣ ያው አትላንታ፣ አንዳንዴም ያው ሳምንት ነው። የአያትየው ካርቶን ግን ቁጥር አያውቅም። ሁሉም እላይ በላይ ተደራርቧል።

ለብቻው የተቀመጠው የሬቨረንድ ጄ. ኤም. ጌትስ ነበር። አትላንታ ያሉ የባፕቲስት ሰባኪ። በ1926 ለኮሎምቢያ የቀዱት ስብከት ነው፣ «የሞት ጥቁር ባቡር እየመጣ ነው» የሚል። መጀመሪያ በንግግር ይጀምራሉ፣ ከዚያ ወደ ዜማ ይሻገራሉ፣ ሴቶች ይቀበሏቸዋል። ሦስት ደቂቃ። ያን ጊዜ የአንድ ገጽ ልክ ይኸው ነው። ጌትስ በዕድሜያቸው ከ200 በላይ ገጽ ቀድተዋል።

እዚህ ላይ ነው ብልጥ የሆንኩት። ስልኬን አውጥቼ ዋጋ አየሁ። ሌመን ጀፈርሰን ኪስ የሚያራቁት ሆኖ አገኘሁት። ጌትስ ግን በጊዜው ብዙ ስለተሸጠ የትም ይገኛል፣ የምሳ ዋጋ ነው። አሰብኩ። እንዲህ ያለ አሮጌ ሸክላ አጥቤ አላውቅም። ስለዚህ በርካሹ እጄን ላፍታታ፣ ውዱን ከዚያ በኋላ እነካለሁ። አይ ብልጠት!

ለነገሩ ምንም አላውቅም ነበር ማለት አይደለም። ፍጥነቱ በደቂቃ 78 ዙር እንደሆነ አውቃለሁ። መርፌው ወፍራም መሆን እንዳለበት፣ በቀጭኑ ከተጫወተ መርፌው መስመሩ ሥር ወርዶ ቆሻሻ እንደሚያርስ አውቃለሁ። መርፌ ቀየርኩ፣ ፍጥነት አስተካከልኩ፣ መብራት አቀረብኩ። ሸክላው ከበድ ይላል፣ አይተጣጠፍም፣ በጥፍር ቸብ ሲያደርጉት እንደ ሸክላ ድስት ይጮኻል። ያ ጩኸት ሊያባንነኝ ይገባ ነበር።

ቆሻሻው ግትር መስሎኝ አልኮሉን ትንሽ ጠንከር አደረግኩት። ነከርኩ፣ መስመሩን ተከትዬ ከጠርዙ ጀምሬ የሩብ ክብ ያህል አበስኩ። ጨርቁን ሳነሳው ጥቁር ሆኗል። ደስ አለኝ። «ለቀቀ» አልኩ። በንጹሑ በኩል ገልብጬ እንደገና አበስኩ። አሁንም ጥቁር። ሦስተኛ ጨርቅ አመጣሁ። እሱም ጥቁር። ያኔ ነው ክው ያልኩት። ቆሻሻ ቢሆን ኖሮ ይቀንስ ነበር። ይኼ አልቀነሰም። ወደ መብራቱ ዘንበል ሳደርገው ያበስኩት ቦታ ማብረቅረቁን ትቶ አመድ መስሏል። ጨርቁ ላይ ያለው ሸክላው ራሱ ነው።

ጋሼ ከምሳ ሲመለሱ እዚያው ቆሜ አገኙኝ።

«ጋሼ፣ ይኼን ቢያዩልኝ።»

መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቀሉ። ሸክላውን አዩ፣ ጨርቁን አሸተቱ፣ እኔን አዩ።

«አልኮል ነው?»

«እርስዎ ነዎት ያሉኝ። ሸክላ በአልኮል ነው የሚጠረገው ብለው።»

ጋሼ ወንበር ስበው ተቀመጡ። ለረጅም ጊዜ አልተናገሩም። ከዚያ «እኔ ያልኩህማ የእኛን ሸክላ ነው» አሉ።

ነገሩ እንዲህ ነው። እኛ ሁሉንም ሸክላ እንላለን። የጥላሁንም ሸክላ ነው፣ ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በምኒልክ ዘመን ጀርመን አገር የቀዱትም ሸክላ ነው። የጥላሁኑ ግን ፕላስቲክ ነው፣ ቪኒል። የድሮው ደግሞ ሼላክ ነው። ሼላክ ማለት ሕንድ አገር ዛፍ ላይ የምትኖር ትንሽ ነፍሳት የምታወጣው ሙጫ ነው። ሙጫው ከተፈጨ ድንጋይና ከጥቁር ቀለም ጋር ተቦክቶ፣ በትኩሱ ታትሞ ሸክላ ይሆናል። አናጢዎች ይህንኑ ሙጫ አልኮል ውስጥ ያሟሙና ለዕንጨት ማብረቅረቂያ ይቀቡታል። በአልኮል ነው የሚሟሟው! እኔ ሸክላውን ሳጥብ ሳይሆን ሳሟሟ ነበርኩ። ቪኒሉን አልኮል ምንም አያደርገውም። እኔን ያሳተኝ አንድ የአማርኛ ቃል ነው ብል ማምለጫ ይመስላል፣ ግን እውነት ነው። የሚያበሽቀው ደግሞ ሼላክና ሸክላ ሲጠሩ መመሳሰላቸው ነው። ቃሉ ሌት ተቀን ጆሮዬ ላይ ሲጮኽ ከርሟል።

«እንንገራቸው እንዴ ወይስ...» አልኩ።

«ወይስ ምን?» ቆጣ አሉ። «ስልኩ ያውልህ። ያበስከው አንተ፣ የምትነግራቸውም አንተ።»

ደወልኩ። ላብ አጠመቀኝ። ሴትዮዋ ዝም ብለው ሰሙኝ። የትኛው እንደሆነ ጠየቁኝ። ስነግራቸው ትንሽ ቆዩና «ነገ እመጣለሁ» ብለው ዘጉ። ባለቤቱም ሲሰማ አልጮኸብኝም። ሸክላው ብዙ የታተመ ስለሆነ ከአንድ ሰብሳቢ ንጹሕ ቅጂ አስመጣና በራሱ ወጪ አስገለበጠ። ለመምጣት አምስት ቀን ፈጀ። ሴትዮዋ ግን በማግስቱ ደረሱ።

የተጎዳውን አጫወትኩላቸው። ያበስኩት የጠርዙን ሩብ ብቻ ስለሆነ መርፌው በእያንዳንዱ ዙር እዚያ ሲደርስ «ሽው» ይላል። ሽው... ሽው... በደቂቃ 78 ጊዜ። ሰባኪው ስለ ባቡሩ ይናገራሉ፣ እኔ የጨመርኩት ድምፅ ከሥራቸው እንደ ባቡር እንፋሎት ይተነፍሳል። አዛውንቷ ሳቃቸው መጣ። እኔ አልሳቅኩም። ወደ መሐል ሲገባ «ሽው»ው ጠፋ፣ ሴቶቹ መቀበል ጀመሩ። ድንገት አንዲት ቃል ላይ መርፌው ተያዘ። አንዴ፣ ሁለቴ፣ ሦስቴ። አሮጌ ጭረት ነው፣ የኔ አይደለም። ልነሳ ስል ሴትዮዋ ቀድመውኝ አመልካች ጣታቸውን ዘርግተው ክንዱን ነካ አደረጉት። ዘፈኑ ቀጠለ።

«ይኼ የኔ ሥራ ነበር» አሉ። እሑድ እሑድ አያታቸው እግራቸው አብጦ ቤተ ክርስቲያን መሄድ ሲያቅታቸው ይህን ይከፍታሉ። ልጅቷ ግራሞፎኑ ጎን ትቆማለች። ሲያዝ በጣቷ ትገፋለች። ስለ ሌመን ጀፈርሰን ጠየቅኳቸው። አጎታቸው ያመጣው ነው፣ አያታቸው አይወዱትም ነበር። «የዓለም ዘፈን» ይሉት ነበር። የካርተር ቤተሰብንስ አልኳቸው፣ የነጭ ዘፈን አይደለም ወይ። ትከሻቸውን ነቀነቁ። «ዜማው ደስ ካለን ማን ይከለክለናል?»

ንጹሑ ቅጂ ሲመጣ ደግመው መጡ። እውነትም ንጹሕ ነው። በ1925 ማይክሮፎን ከገባ ወዲህ የተቀዳ ስለሆነ የሰባኪው ትንፋሽ እንኳ ይሰማል። ሴትዮዋ ዓይናቸውን ጨፍነው አዳመጡ። ያቺ ቃል ስትደርስ ጣታቸው ከጭናቸው ላይ ተነሳ። ምንም አልተያዘም። ዘፈኑ አለፈ፣ ጣታቸው አየር ላይ ቀረ። ዓይናቸውን ገልጠው ጣታቸውን አዩና መለሱት።

«ሁለቱንም ስጠኝ» አሉ። «ንጹሑን ለልጆቹ።»

የተቀሩትን ሃያዎቹን በተጣራ ውሃና በአንድ ጠብታ ለስላሳ ሳሙና አጠብኳቸው፣ መለያ ወረቀታቸውን ሳላረጥብ። አልኮሉን ወደ ላይኛው መደርደሪያ ሰቀልኩት። ጠርሙሱ ላይ በወፍራም እስክሪብቶ «ለሸክላ አይሆንም» ብዬ በአማርኛ ጻፍኩበት።

በማግስቱ ጋሼ የማህሙድን ትንሽ ሸክላ ይዘው ጠርሙሱን ሲያወርዱ ጽሑፌን አነበቡት። አንዴ ሸክላውን፣ አንዴ ጠርሙሱን አዩ።

«ታዲያ ይኼ ምንድን ነው የኔ ልጅ፣ ሳህን ነው?»

እስክሪብቶውን ወስደው ሰረዙት። ከሥሩ «ለማይሰበረው ብቻ» ብለው ጻፉበት።